ደረሰኙ በማን ስም ይቆረጥ?

ላፍቶ ውስጥ አንዲት ትንሽ ማተሚያ ቤት አለችኝ። ማተሚያ ቤት ስል ብርሃንና ሰላምን የመሰለ ትልቅ ድርጅት እንዳይመጣባችሁ። አንድ የባነር ማሽን፣ ሁለት ኮምፒዩተር፣ ካናቴራ ላይ የሚያትም አንድ መጭመቂያ፣ በክረምት ጭቃ በበጋ አቧራ የማይለቀው አንድ የመስታወት በር፤ በቃ ይኸው ነች። የሠርግ ጥሪ እናትማለን፣ የምርቃት ባነር እንሠራለን፣ የሙት ዓመት ፎቶ እናሳድጋለን፣ ‹‹ይህ ቤት አይሸጥም፣ አይለወጥም›› የሚል ማስታወቂያ ሳይቀር በቀይ ቀለም እናወጣለን። በዚህ ሥራ ላይ ያለ ሰው የሰፈሩን ደስታና ኀዘን ከንስሐ አባት ቀጥሎ የሚያውቅ ነው። ምርጫ ሲመጣ ደግሞ አንድ ሌላ ነገር ያውቃል፤ ማን ለማን እንደሚከፍል።

ከምርጫዎቹ በአንዱ ዋዜማ ነው። የትኛው ምርጫ፣ የየትኛው ፓርቲ እጩ እንደነበሩ አልናገርም፤ የማልናገርበትን ምክንያት ወደ ኋላ እመጣበታለሁ። ቆርቆሮና ብረት የሚሸጥ አንድ ደንበኛዬ፣ ሸሚዙን ሱሪው ውስጥ አሳምሮ የከተተ ወጣት አስከትሎ ገባ። 60 ባነር፣ 500 ካናቴራ፤ የበራሪ ወረቀቱን ብዛት አሁን ረስቼዋለሁ። ወጣቱ ፍላሹን አቀበለኝ። ብከፍተው የእጩው ፎቶ፣ የምርጫ ምልክቱ፣ መፈክሩ፣ ሁሉም ተሰናድቶ ያለቀ ነው። ዋጋ ነገርኩ፤ ነጋዴው ሳይከራከር ቀብድ ከፈለ። (ይህ ሰው ሳይከራከር ሲከፍል ያየሁት ያን ቀን ብቻ ነው።) እኔም እንደ ወጉ ጠየቅሁ።

‹‹ደረሰኙ በማን ስም ይቆረጥ?››

ነጋዴው ወጣቱን አየው። ወጣቱ ስልኩን አየ።

‹‹ጋሼ፣ በእጩው ስም አይሁን›› አለ ወጣቱ።

‹‹በፓርቲው ይሁን?››

‹‹እሱም አይሁን። እንዲያው ‹የአካባቢው ነጋዴዎች› ብለው ቢጽፉትስ?››

‹‹የአካባቢው ነጋዴዎች ቲን ቁጥር አላቸው?››

ሦስታችንም ሳቅን። በመጨረሻ ነጋዴው ‹‹በሱቄ ስም ያድርጉት ጋሼ፤ የማስታወቂያ ብለው ይቁረጡት›› አለኝ። ቆረጥሁ። የቆረጥሁት እኔው ነኝ፤ ይህን በማንም ላይ አላላክክም።

በማግሥቱ ወጣቱ ብቻውን ተመልሶ መጣ።

‹‹ጋሼ፣ ክራቫቱ ይቀየር ተብሏል።››

‹‹ማን አለ?››

‹‹እሳቸው ናቸዋ! ቀዩ አላማራቸውም፤ ሰማያዊ ይሁንልኝ ብለዋል።››

ክራቫቱን በኮምፒዩተር ሰማያዊ አደረግነው። ከሳምንት በኋላ እኒሁ እጩ ስለ ባነሮቹ ብዛት ሲጠየቁ ‹‹ሕዝቡ በራሱ ተነሣሽነት ያደረገው ነው፤ እኔ የማውቀው ነገር የለም›› ማለታቸውን ሰማሁ። ክራቫቱንስ?

እንግዲህ ውድ አንባቢ፣ ጠቤ ከክራቫቱ ጋር ነው። ነጋዴ የወደደውን እጩ ቢደግፍ ነውር የለበትም። መብቱ ነው፤ እንዲያውም ዜጋ መሆን ማለት አንዱ ይኸው ነው። ነውሩ የሚጀምረው እጩው ፎቶውን ልኮ፣ ክራቫቱን መርጦ፣ ልጁን መድቦ ሲያበቃ ‹‹አላውቅም›› ያለ ዕለት ነው። ሰጪና ተቀባይ ተመካክረው የሰጡትና የተቀበሉት ነገር ስሙ ስጦታ ነው። በጥሬ ብር ቢሰጥም፣ በሸራ ላይ ታትሞ ላፍቶ አደባባይ ላይ ቢሰቀልም ያው ስጦታ ነው።

ሕጉ ምን ይላል? የምርጫ፣ የፖለቲካ ፓርቲዎች ምዝገባና የምርጫ ሥነ ምግባር አዋጅ ቁጥር 1162/2011 ለፓርቲ መስጠት የማይችሉትን ይለያል። የውጭ ዜጋ አይችልም፤ የውጭ መንግሥት አይችልም፤ የሃይማኖት ድርጅት አይችልም፤ ምንጩ ካልታወቀ ሰው የመጣ ገንዘብም የተከለከለ ነው። ፓርቲው ሒሳብ እንዲይዝ፣ እንዲያስመረምር፣ ለምርጫ ቦርድም እንዲያቀርብ ይገደዳል። መልካም ነው። ነገር ግን ይህ ሁሉ ዘበኛ የቆመው በፓርቲው ካዝና በር ላይ ነው። የእኔ 60 ባነሮች በዚያ በር በኩል አላለፉም። ከነጋዴው ኪስ ወጥተው፣ በእኔ ማሽን አልፈው፣ መብራት እንጨት ላይ ወጡ። ኦዲተሩ የፓርቲውን መዝገብ ሌሊቱን ሙሉ ቢያገላብጥ ሊያገኛቸው አይችልም። ምንጩ ያልታወቀ ገንዘብ አይግባ የሚለው ትእዛዝ፣ ገንዘቡ ጭራሽ ሳይገባ ሥራውን ሠርቶ ከሄደ ምን ይፈይዳል?

አሜሪካኖች ለዚህ ነገር ስም አላቸው። ‹‹ቅንጅት›› ብዬ እንዳልተረጉመው እኛ አገር ቃሉ ሌላ ታሪክ ስላለው ‹‹መናበብ›› ልበለው። እ.ኤ.አ. በ1976 ጠቅላይ ፍርድ ቤታቸው በበክሊና በቫሌዮ መዝገብ አንድ መስመር አሰመረ። ለእጩ የሚሰጥ ገንዘብ በሕግ ሊገደብ ይችላል፤ አንድ ሰው ከእጩው ጋር ሳይመካከር በራሱ የሚያወጣውን ግን መገደብ አይቻልም፤ ተመካክሮ ካወጣው እንደ ስጦታ ይቆጠራል። በ2010 ‹‹ሲቲዝንስ ዩናይትድ›› በተባለው ውሳኔ ለኩባንያና ለሠራተኛ ማኅበርም በሩ ተከፈተ። በዚያው ዓመት በሌላ ፍርድ ቤት ውሳኔ ‹‹ሱፐር ፓክ›› የሚሉት ፍጡር ተወለደ። በ2024ቱ ምርጫ አንድ ሰው ለአንድ እጩ በቀጥታ መስጠት የሚችለው ለአንድ ዙር 3,300 ዶላር ብቻ ነበር። ለሱፐር ፓክ ግን ጣሪያ የለውም፤ ብቻ ‹‹ከእጩው ጋር አልተነጋገርንም›› ይበሉ።

ይህ ነገር በእኛ አገር ወግ ሲታይ እንዲህ ያለ ሚዜ ማለት ነው። የሙሽራውን ልብስ ገዝቷል፤ ድንኳኑን ተክሏል፤ በሬውን ጥሏል፤ መኪናውን በአበባ አስጊጧል። ‹‹መቼ ተነጋገራችሁ?›› ሲባል ‹‹ሙሽራውን አይቼው አላውቅም፤ ድግሱ በአጋጣሚ ነው የገጠመው›› ይላል። አያ ጅቦ ሳታመካኝ ብላኝ!

እዚያም ክራቫት አለ። እ.ኤ.አ. በ2014 የሴናተር ሚች ማኮኔል የምርጫ ዘመቻ ንግግር የሌለበት፣ ሰውየው ፈገግ ሲሉ የሚያሳይ ፊልም ዩቲዩብ ላይ ለቀቀ። አገሩ ሁሉ ሳቀ። ነገሩ ግን ለቀልድ አልነበረም፤ ‹‹ነጻ›› የሚባሉት ደጋፊ ቡድኖች ምስሉን ወስደው ለራሳቸው ማስታወቂያ እንዲጠቀሙበት የተቀመጠ ድርጎ ነበር። በ2015 ደግሞ ጄብ ቡሽ ‹‹ገና እጩ አይደለሁም›› እያሉ ለወራት እየዞሩ ለሱፐር ፓካቸው ገንዘብ አሰባሰቡ፤ ሰኔ ላይ እጩነታቸውን ሲያውጁ ‹‹ከእንግዲህ አንነጋገርም›› ተባለ። ያ ቡድን በዓመቱ የመጀመሪያ አጋማሽ ብቻ ከ100 ሚሊዮን ዶላር በላይ ሰብስቧል። (ቡሽ አላሸነፉም፤ ገንዘብ ሁሉን አይገዛም የሚል ካለ ይህን ይያዝልኝ።) ሕጉን የሚጠብቀው ኮሚሽን 6 ወንበር አለው፤ ከአንድ ፓርቲ ከ3 በላይ አይቀመጥም፤ ለመወሰን 4 ድምፅ ያስፈልጋል። ሦስት ለሦስት እየተፋጠጡ ስንቱ አቤቱታ መክኖ ቀረ! ጭራሽ በመጋቢት 2024 ቤት ለቤት ቅስቀሳ ላይ እጩውና ውጫዊው ቡድን ቢመካከሩ ችግር የለበትም የሚል አስተያየት ሰጠ። በዚያው ምርጫ ኢሎን መስክ ከ250 ሚሊዮን ዶላር በላይ አፈሰሰ፤ ያቋቋመው ቡድንም በር እያንኳኳ ለዶናልድ ትራምፕ ቀሰቀሰ።

ታዲያ አሜሪካን ላስተምራችሁ ፈልጌ አይደለም፤ ሊማሩበት የሚገባ መንፈሳዊ ሕይወትም አላየሁባቸውም። ነገር ግን አንድ ነገር ልብ በሉልኝ። ይህን ሁሉ ቁጥር እኔ ላፍቶ ተቀምጬ፣ ማሽኔ እየጮኸ የምጠቅሰው እንዴት ነው? ተመዝግቦ ስላገኘሁት ነዋ! እነሱም የሚደብቁት የገንዘብ ቦይ አላቸው፤ ግን የመስክ ስም ከነቁጥሩ መዝገብ ላይ አለ። በቨርጂኒያ አንድ የዘመቻ ኃላፊ ‹‹ነጻ›› የተባለውን ቡድን ራሱ ከጀርባ ሆኖ እየመራ 325,000 ዶላር የሚያህል ማስታወቂያ በማሠራቱ እ.ኤ.አ. በ2015 ሁለት ዓመት ተፈርዶበታል። ያን የፈረደበት ወረቀት ነው። የእኔ 60 ባነሮች ግን ከአራት ሰው በቀር የሚያውቃቸው የለም። አሁን እናንተ አምስተኛ ሆናችሁ።

በእኛ አገር ‹‹የፓርቲው አይደለም›› የሚለው ጨዋታ ከእኔ ደንበኛ አልጀመረም። ፓርቲ ነጋዴ አይሁን የሚለው ደንብ በሕጎቻችን ውስጥ የቆየ ነው። ይህ እያለ በኢሕአዴግ ዘመን በየአባል ድርጅቱ አጠገብ አንዳንድ ‹‹ኤንዶውመንት›› በቀለ፤ በሕወሓት አጠገብ በ1987 የተቋቋመው ትእምት፣ በብአዴን አጠገብ ጥረት፣ በኦሕዴድ አጠገብ ቱምሳ፣ በደቡቡ አጠገብ ወንዶ። መሰቦ ሲሚንቶም፣ ዳሽን ቢራም በእነዚህ ጥላ ሥር ነበሩ። ‹‹የማን ናቸው?›› ሲባል መልሱ ‹‹የሕዝብ ናቸው›› ነበር። የቦርዱ ወንበር ላይ ማን እንዳለ ሲታይ ግን የፓርቲው አመራር ነው። ትእምትን እነ ስዬ አብርሃ፣ እነ ስብሓት ነጋ፣ እነ አዜብ መስፍን በየዘመናቸው መርተውታል፤ ሁሉም የሕወሓት ትልልቅ ሰዎች ነበሩ። እነዚህ ድርጅቶች ለምርጫ ይህን ያህል አወጡ ብዬ አልከስም። እኔ የምለው ሌላ ነው፤ አንድ ሳንቲም አላወጡም የሚልም፣ ሚሊዮን አወጡ የሚልም ሰው እኩል ማስረጃ አልነበረውም። መራጩ ሐሜት ብቻ ተሰጠው። ሐሜት ደግሞ ንጹሑንም ያቆሽሻል።

የ1997ቱን ምርጫ የምታስታውሱ ታስታውሳላችሁ። ሚያዝያ 29 የኢሕአዴግ ሰልፍ፣ በማግሥቱ ሚያዝያ 30 የቅንጅት ሰልፍ፤ መስቀል አደባባይ ሁለት ቀን በተከታታይ ጢም አለ። ስለ ብዛቱ ስንት ቀን ተከራከርን! እኔ ሳልቀር ‹‹የማን ይበልጣል?›› እያልኩ ከጎረቤቴ ጋር ተኳርፌያለሁ። አውቶቡሱን ማን ተከራየ፣ ካናቴራውን ማን አሳተመ፣ የድምፅ ማጉያውን ማን ከፈለ የሚለው ግን ከሁለታችን አንዳችንም አፍ አልወጣም። ኋላ ቅንጅት በአዲስ አበባ የተወካዮች ምክር ቤት 23ቱንም ወንበር ጠራርጎ ወሰደ። ከዚያ መከራው መጣ፤ መሪዎቹ ታሰሩ፣ በ1999 ክረምት ተፈቱ፣ ተፈትተውም ብዙ ሳይቆዩ ተጣሉ። ከጠቡ ሰበዞች አንዱ በውጭ አገር በድጋፍ ማኅበራት ስም የተሰበሰበው ገንዘብ ነበር። ማን ያዝዝበታል? ለማን ይጠየቃል? አሜሪካ በረዶ ላይ ቆመው ካዋጡት ወገኖቻችን ብዙዎቹ ጥርት ያለ መልስ ሳያገኙ ቀሩ።

የደንበኛዬን እጩ ፓርቲ ያልጠራሁትም ለዚህ ነው። ነጋዴው በመጣ በሁለተኛው ሳምንት የሌላው ወገን እጩ ሰዎች መጡ። እነዚህ ድሆች ናቸው፤ 12 ባነር ብቻ። ዋጋውን የከፈለው ዋሽንግተን የሚኖር የእጩው የአክስት ልጅ ነው። ሐዋላው በአንዲት ዘመዳቸው ስም መጣ። ልጁ የአሜሪካ ፓስፖርት ከያዘ ቆይቷል፤ እነሱም አልደበቁኝም፤ በኩራት ነው የነገሩኝ። በአዋጁ ዓይን ግን ልጁ የውጭ ዜጋ ነው። ‹‹በማን ስም?›› አልኳቸው፤ እነሱም ስልካቸውን አዩ።

ይኸው የዋሽንግተን ልጅ እዚያ ምን እንደሚያደርግ ታውቃላችሁ? እ.ኤ.አ. በ2021 በቨርጂኒያ የገዥ ምርጫ ትውልደ ኢትዮጵያውያን በጦርነቱ ጊዜ የባይደን መንግሥት በኢትዮጵያ ላይ በያዘው አቋም ተቆጥተው ‹‹የአሜሪካ ኢትዮጵያውያን የሕዝብ ጉዳዮች ኮሚቴ›› በሚባለው ማኅበራቸው በኩል ለግሌን ያንግኪን በይፋ ቀሰቀሱ፤ ያንግኪንም አሸነፈ። በስማቸው፣ በማኅበራቸው፣ በአደባባይ! እዚያ ደረቱን ነፍቶ የሚደግፍ ሰው እዚህ በዘመዱ ስም ሐዋላ ይልካል። ሰውየው አንድ ነው፤ የተለያየው የሚቆምበት መሬት ነው።

ወደ ላፍቶ ልመለስ። ከማተሚያ ቤቴ ጀርባ ልጆች ኳስ የሚጫወቱበት ሜዳ ነበር። ሜዳ ማለት ያው ድንጋይ ለጎል የሚቆምበት፣ ክረምት ረግረግ የሚሆን ባዶ ቦታ ነው። ምርጫው ካለፈ በኋላ አንድ ቀን ጠዋት ስመጣ በቆርቆሮ ታጥሯል። ቆርቆሮው አዲስ ነው። የብረትና የቆርቆሮ መጋዘን ሊሆን ነው ተባለ፤ የማን እንደሆነ ንገሩን አትበሉኝ፤ ገብቷችኋል። ቦታውን የሰጠው ማን እንደሆነ፣ በምን መስፈርት እንደሰጠ አላውቅም። ምናልባት ሰውየው በሕጉ መሠረት ተወዳድሮ፣ አሸንፎ፣ ከፍሎ ያገኘው ይሆናል። ምናልባት ከባነሩ ጋር ምንም አይገናኝም። የሰፈሩ ሰው ግን ‹‹ብድር በምድር›› እያለ ያልፋል። የኔ ቁጭት እዚህ ላይ ነው። ነጋዴው ንጹሕ ከሆነ ንጽሕናውን የሚያሳይበት ወረቀት የለውም፤ ካልሆነም እኛ የምናሳይበት ወረቀት የለንም። አንድ ወረቀት ነበረ፤ እሱንም እኔ ‹‹የማስታወቂያ›› ብዬ ቆረጥሁት።

ስለዚያ ደረሰኝ ሳስብ ሌላም ነገር ይቆረቁረኛል። ነጋዴው በዓመቱ መጨረሻ ያን ደረሰኝ ከወጪዎቹ ጋር አያይዞ ለግብር አቅርቦት ይሆናል። ወጪ ትርፍን ይቀንሳል፤ ትርፍ ሲቀንስ ግብር ይቀንሳል። የግለሰብ ነጋዴ ትርፍ ከፍተኛው እርከን ላይ ሲደርስ የሚከፈልበት 35 በመቶ ነው። እንግዲህ ከእያንዳንዱ 100 ብር ባነር ላይ 35ቱን የከፈለው ማን ሆነ? ያን እጩ የመረጠም ያልመረጠም፣ ልጁ ሜዳ ያጣችው ጠላ ሻጭ ጎረቤቴ ሳትቀር አዋጥታለች ማለት ነው።

በእድራችን 50 ብር ያልከፈለ ሰው ስሙ ይነበባል። ለሠርግ ድስት ያዋሰ ሰው ድስቱ ሥር ምልክት ያደርጋል። ለቤተ ክርስቲያን ቆርቆሮ የገዛ ሰው ስሙ በድምፅ ማጉያ ይነገራል፤ እሱ ባይፈልግም ሚስቱ ትፈልጋለች። መዝገብ መያዝ ለእኛ እንግዳ ነገር አይደለም። ሕግ የሚያወጣልንን፣ ግብር የሚጥልብንን፣ መንደራችንን የሚያፈርስና የሚሠራውን ሰው ወንበር ላይ ያወጣው ገንዘብ ግን ከድስት ያነሰ ምልክት አለው።

‹‹አንተ ሰውዬ የምትኖረው የት አገር ነው?›› የሚለኝ እንዳለ አውቃለሁ። ‹‹ተቃዋሚን የደገፈ ነጋዴ ስሙ ቢታተም በማግሥቱ ሱቁ ይታሸግ የለም ወይ?›› ይህ የዋዛ ጥያቄ አይደለም፤ ሌሊት ሌሊት እኔንም ያስባንነኛል። ለዚያች 12 ባነር ስም ብጠይቅ ኖሮ ምናልባት 12ቱም አይታተሙም ነበር። ስለዚህ ትንሿ ስጦታ ትሸፈን እላለሁ፤ ቦርዱ ይወቃት፣ አደባባይ አትውጣ። መጠኗ ስንት ይሁን የሚለውን ሕግ አውጪው ይቁረጥ። ትልቁ ስጦታ ግን ይነበብ። ደግሞም ፍርሃቱን እያየን መደበቁን ስንፈቅድ የሚጠቀመው ማን እንደሆነ እናስብ። ፈሪው የሚደብቀው 12 ባነር ነው፤ የማይፈራው የሚደብቀው 60 ነው። ጨለማው ለሁለቱም እኩል ቢመስልም አንዱ በጨለማው ይድናል፣ ሌላው በጨለማው ይነግዳል። ይህ ክርክር ሙሉ በሙሉ ተመልሶልኛል አልልም።

የምጠይቀው ብዙ አይደለም። ፎቶው፣ ምልክቱ ወይም መፈክሩ ከእጩው ሰዎች እጅ የወጣ ማንኛውም የቅስቀሳ ሥራ፣ ማንም ይክፈለው ማን፣ ከእጩው ሒሳብ ላይ በስጦታ ይጻፍ። በየባነሩ ግርጌ ‹‹ያሳተመው እገሌ›› የሚል አንድ መስመር ትኑር። ይህን የምለው የሙያው ሰው ሆኜ ነው፤ አንድ መስመር ለመጨመር ቀለም አይበላም፣ ሦስት ደቂቃም አይፈጅም። የማተሚያ ቤቶች ደረሰኝም የከፋዩንና የእጩውን ስም አንድ ላይ ይያዝ፤ ግልባጩ ለቦርዱ ይሂድ። ያኔ ክራቫት የሚያስቀይር ሰው ክራቫቱን ያምናል።

እስከዚያው በበኩሌ በመስታወቱ በር ላይ ማስታወቂያ ለጥፌያለሁ። ‹‹የምርጫ ሥራ ደረሰኝ የሚቆረጠው በከፋዩ ስምና ለእጩ መሆኑ ተጽፎ ብቻ ነው›› ይላል። ካናቴራ የሚያትምልኝ ልጅ አንብቦት ‹‹ጋሼ፣ ወዲያ ማዶ ያለው እኮ አይጠይቅም›› አለኝ። እውነቱን ነው። እስካሁን ሁለት ሰው አንብቦ ተመልሷል። አንደኛው ቆርቆሮ ሻጩ ደንበኛዬ ነው፤ ከበሩ ላይ ቆሞ አነበበው፣ በእጁ ሰላም አለኝና ወደ ማዶ ተሻገረ።